በተሰባበረ ዐረብኛ ያረዳሁት መርዶ

ስሜ ሙሉ ነው። ይህ ነገር ሲደርስብኝ ጅግጅጋ ውስጥ አንድ ሆስፒታል ካርድ ክፍል እሠራ ነበር። አያቴ በወታደርነት መጥቶ እዚሁ የቀረ ሰው ስለሆነ ከጅግጅጋ ሌላ አገር የለኝም። ግን በተወለድኩበት ከተማ እንደ እንግዳ ነበር የምኖረው። በቀን መቶ ሰው በመስኮቴ በኩል ስሙን ይነግረኛል፤ የእኔን ስም የሚጠራ ግን አንድ ሁለት ሰው ቢሆን ነው። ማታ ወደ ተከራየኋት ክፍል እገባለሁ፣ ሬዲዮ እከፍታለሁ፣ እተኛለሁ። ዋና ጓደኛዬ ሬዲዮው ነበር ብል ውሸት አይሆንም።

እንዲህ የሆንኩት ከኩዌት ከተመለስኩ በኋላ ነው። ስድስት ዓመት በሰው ቤት ሠርቻለሁ። በሦስተኛው ዓመት እናቴ ሞተች። እኔ ግን አላወቅኩም። እህቴ አልማዝ በደወልኩ ቁጥር «እማዬ ደህና ናት፣ ተኝታለች» ትለኛለች። በሌላ ቀን «ጠበል ሄዳለች» ትለኛለች። ስምንት ወር ሙሉ እንዲሁ ቀጠለች። የነገረችኝ የሰፈራችን ልጅ ነበረች፤ እሷም እንደ እኔ ሠራተኛ ናት፤ ከማዳም ጋር ሩዝ ልንገዛ ትልቅ ሱቅ ገብተን ድንገት ተገናኘን። ተቃቀፍንና «እትዬ ዘውዴን ነፍስ ይማር፣ እኔም እዚህ ሆኜ ነው የሰማሁት» አለችኝ። የማውቅ መስሏት ነው። ማዳም ከወዲያ «ያላ! ያላ!» እያለች ትጣራለች። የሩዙን ጋሪ እየገፋሁ ሄድኩ። ሌላ ምን ላደርግ እችል ነበር?

አገሬ ስመለስ ድንኳኑ ከፈረሰ ሦስት ዓመት አልፎታል። ጎረቤቶች መጥተው «እንኳን ደህና መጣሽ» አሉኝ እንጂ አብሮኝ ያለቀሰ የለም፤ እነሱ ለቅሷቸውን ጨርሰዋል። መቃብሯ ላይ ብቻዬን አለቀስኩ። ከዚያ ከአልማዝ ጋር ክፉኛ ተጣላን። እሷ ባል አግብታ ባቢሌ ነው የምትኖረው፤ በሚኒባስ ሁለት ሰዓት አይሞላም። አራት ዓመት አልሄድኩም። ዐረብኛዬንም ሁለተኛ ላልናገረው ማልኩ።

አንድ ማክሰኞ ጠዋት የአጥንት ክፍሏ ነርስ ሲስተር ሆዳን በካርድ ክፍሉ መስኮት አንገቷን አስገባች።

«ሙሉ፣ አንቺ ዐረብ አገር ነበርሽ አይደል?»

«ማን ነገረሽ?»

«ጅግጅጋ ነው እኮ። በአላህ፣ አንዴ ነይልኝ።»

ከደምበል ወዲያ ውኃ የሚቆፍር አንድ ድርጅት አለ። ትናንት ከዚያ ካምፕ በያጅ የሆነ የባንግላዴሽ ሰው በፒክአፕ ተጭኖ መጥቷል። የብረት ቱቦ ጭኑ ላይ ወድቆ አጥንቱን ሰብሮታል። ቀዶ ጥገና ያስፈልገዋል፤ እሱ ግን ሐኪም ሲጠጋው ይጮኻል። በካምፑ የሱን ቋንቋ የሚያውቅ ጓደኛው ኮንትራቱን ጨርሶ ሄዷል። አማርኛ አያውቅም፣ ሶማልኛ አያውቅም፣ እንግሊዝኛው «ዬስ» እና «ኖ» ብቻ ነው።

«ጅግጅጋ ሙሉ ዐረብኛ የሚያውቅ ሰው አለ፤ እኔን ለምን ፈለግሽ?» አልኳት።

«የመድረሳውን መምህር ጠራን። አምስት ደቂቃ አዳመጡትና 'ይሄ ዐረብኛ አይደለም' ብለው ወጡ።»

ያኔ ገባኝ። እኛ ሠራተኞቹ የምንናገረው ዐረብኛ የመጽሐፍ ዐረብኛ አይደለም፤ የጌቶቻችንም አይደለም። ሕንዱ፣ ባንግላዴሹ፣ ሀበሻው በየኩሽናውና በየግንባታው የሰፋው ድሪቶ ነው። ሥራ አለ፣ ሥራ የለም፣ ና፣ ሂድ፣ ቶሎ፣ አለቀ፣ ችግር የለም። ከሁለት መቶ ቃል አይበልጥም። ለመታዘዝ ይበቃል። ለመውደድና ለማዘን የሚሆን ቃል ግን ማንም አላስተማረንም።

መሐላዬን ይዤ ልቀር አስቤ ነበር። ሆዳን ግን መስኮቱ ላይ ቆማ አልሄድ አለች።

ሰውየው ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ተኝቷል። አርባ ዓመት ይሆነዋል፤ ከሲታ ነው፤ ክንዱ ላይ የብየዳ ፍንጣሪ ያቃጠላቸው ትንንሽ ጠባሳዎች ሞልተዋል። በሚቀጥለው አልጋ አንድ የሐርተሼክ ሽማግሌ፣ አው ዑመር የሚባሉ፣ ተቀምጠው ያዩታል።

«ሰዲቅ፣ ሽኑ ሙሽኪላ?» አልኩት። ጓደኛዬ፣ ችግሩ ምንድን ነው፣ ማለቴ ነው።

እንደዚያ ያለ አዟዟር አይቼ አላውቅም። ወገቡ የተሰበረ ይመስል የነበረ ሰው በክርኑ ተነሣ። ቃላት ከአፉ ጎረፉ። ስሙ አኒሱር ነው፤ አኒስ በይኝ አለ። ኦማን ዐሥራ አንድ ዓመት ሠርቷል። ከዚያ ወደዚህ መጣ። እንደለመደው እንደ ወንድ «ኢንታ» ነው የሚለኝ። ከዚያ ጭኑን አሳየኝና በመዳፉ ቆረጥ አድርጎ አልቃሻ ድምፅ አወጣ።

ከእግሩ በኩል ወደቆመው ዶክተር ዞርኩ። «እግሩን ልትቆርጡት ነው?»

«የምን መቁረጥ!» ዶክተሩ ደነገጠ። «ብረት ነው የምናስገባለት። ቆዳውን እንከፍታለን ብዬ በእጄ ሳሳየው ነው እንዴ...?»

ለአኒስ ነገርኩት። መቁረጥ ማፊ፣ የለም። ብረት ወደ ውስጥ ይገባል፣ አጥንቱን ይይዛል፣ ትሄዳለህ። አኒስ ትንሽ አሰበ። «ብረት?» አለ። «ብረት እኔ አውቃለሁ።» ሳቀ። ሁላችንም ሳቅን፤ አው ዑመር ሳይገባቸው ሳቁ። ወረቀቱ ላይ ፈረመ። ቀዶ ጥገናው ለማግስቱ ጠዋት ተቀጠረ።

እውነቴን ነው፣ ያን ቀን ወደ ካርድ ክፍል ስመለስ እንደ ሰው የሄድኩ መሰለኝ። ደስታው ግን እስከ ከሰዓት ብቻ ነበር።

ከሰዓት የካምፑ አስተዳዳሪ፣ አቶ ግርማ የሚባል ሰው፣ ኮሪደር ላይ ወደ ጎን ወሰደኝ።

«እህቴ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ። ወንድሙ ወደ ቢሮ ደውሎ ነበር። እናቱ ሞታለች። ትናንት።»

«እሱስ ሰምቷል?» አልኩት።

«እንዳይሰማ ተባብለናል። ስልኩን እኔ ይዤዋለሁ፤ ተበላሽቷል ብዬዋለሁ። ድኖ ሥራ እስኪገባ ድረስ...»

«ሥራ እስኪገባ? ያ እኮ ወራት ነው!»

«ወንድሙም እንደዚያ ነው ያለው። ለሱ አስበን ነው።»

«ለሱ አስባችሁ!» ድምፄ ከፍ አለ። «እሱ እዚህ ተኝቶ እናቴ ደህና ናት እያለ ይኑር? ማን ሰጣችሁ ይህን መብት?»

አቶ ግርማ ክፉ ሰው አልነበረም፤ ምን ላድርግ በሚል እጁን ዘረጋ። ዶክተሩ ድምፄን ሰምቶ መጣ። ነገሩ ሲነገረው «እኔ የምለምንሽ አንድ ቀን ነው» አለኝ። «ዛሬ አትንገሪው። ነገ ሰላም ከወጣ በኋላ የምታውቂው አንቺ ነሽ።»

እኔ ግን ልቤ ቆርጦ ነበር። ያን መርዶ ወዲያው እነግረዋለሁ፤ ሌላ አልማዝ አልሆንም። እንዲህ ብዬ ወደ ክፍሉ ገባሁ።

አኒስ ሲያየኝ ፊቱ በራ። «ቴሌፎን ፊ?» አለኝ፤ ስልክ አለሽ? ቁጥሩን በቃሉ ይለው ጀመር። ለእናቱ መደወል ፈልጎ ነው። በየሳምንቱ ዓርብ ያወራታል። ስሟ ራሂማ ነው። እግሬ መሰበሩን አትስማ፤ ድምፄን ብቻ ትስማ አለኝ። ትጨነቃለች አለኝ።

ስልኬ እጄ ላይ ነበር። ሰውየው እናቱን ሊዋሽ እየተዘጋጀ ነው፤ እናትየው ደግሞ የለችም። አየሁት። ያ እንደ ቃጫ የቀጠነ አንገቱ፣ ነገ ሆዱ ባዶ ሆኖ ወደዚያ ክፍል መግባቱ። አፌን ከፈትኩ።

«ኔትዎርክ ማፊ» አልኩ። ኔትዎርክ የለም። እሱም «ማማ ዜን?» አለኝ፤ ስልኬ ሲበላሽ ወንድሜ ወደ ቢሮ ይደውላል፤ የሰማሽው አለ፣ እማዬ ደህና ናት?

«ማማ ዜን» አልኩት። እናትህ ደህና ናት።

እሱም እፎይ ብሎ ተኛ።

ቤቴ ገብቼ ሬዲዮውን አልከፈትኩም። አልማዝ ስልክ ላይ ሁልጊዜ ትቸኩል ነበር። «ሒሳብ ይቆጥርብሻል፣ ዝጊው» ትለኛለች። ልቧ የደነደነ ይመስለኝ ነበር። ለስንት ዓመት ያንን ችኮላዋን ሳስብ ጥርሴን ነክሻለሁ። ያን ምሽት ግን እኔም ከአኒስ ክፍል እንዴት ሮጬ እንደወጣሁ አሰብኩ። አንድ ደቂቃ ብቆይ ኖሮ ፊቴ ሁሉን ይነግረው ነበር።

ቀዶ ጥገናው ሦስት ሰዓት ገደማ ፈጀ። አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጬ ጠበቅሁ፤ ካርድ ክፍሉን ለባልደረባዬ ትቼው ነው። ቢሞት ውሸቴን ይዞ መሞቱ ነው። በዚህ ዓለም የመጨረሻ የሰማው ቃል የእኔ ውሸት ይሆናል። እንዲህ እያሰብኩ የኮሪደሩን ንጣፍ ስቆጥር ዶክተሩ ወጥቶ «ተሳክቷል» አለኝ።

በማግስቱ ሐሙስ ትኩሳት የለውም፣ ይበላል፣ ይጠጣል። አቶ ግርማን ጠርቼ «ነገ ጎህ ሲቀድ አረዳዋለሁ» አልኩት። ሊከራከር ሞከረ፤ ዶክተሩ ከእኔ ጋር ቆመ። ግን ብቻዬን አልፈለግኩም። በእኛ አገር መርዶ በአንድ ሰው አፍ አይነገርም፤ ጎረቤት ይሰበሰባል፣ የሚደግፍ ክንድ ይዘጋጃል። ይህ ሰው ግን ምን ጎረቤት አለው?

ሆዳንን አማከርኳት። እሷ ለአው ዑመር በሶማልኛ ነገረቻቸው። ሽማግሌው ጢማቸውን ዳሰሱና በዝግታ በአማርኛ «ጎረቤቱ አይደለሁም እንዴ?» አሉኝ። «አልጋው ከአልጋዬ ጎን ነው።»

ዓርብ የሱብሂ ሶላት እንዳበቃ መጡ። አው ዑመር በክራንች፣ ሆዳን፣ የሌሎች በሽተኞች አስታማሚዎች፣ አቶ ግርማ ራሱ፣ ያ 'ዐረብኛ አይደለም' ያሉት መምህርም ነጭ ኮፍያቸውን አድርገው። አልጋውን ከበብነው። አኒስ ነቅቶ አንድ በአንድ አየን። የሰው ብዛት መርዶን በየትኛውም አገር የሚናገር ይመስለኛል። አየሩ ቀዝቃዛ ነበር፤ ብርድ ልብሱን ወደ ደረቱ ሳበ።

ሌሊቱን ሙሉ ቃል ስፈልግ ነበር ያደርኩት። አረፈች የሚል ቃል የለንም። ፈጣሪ ወሰዳት የሚል ቃል የለንም። ያገኘሁት ሩዝ ሲያልቅ፣ ሥራ ሲያልቅ፣ ውኃ ሲያልቅ የምንለውን ነው።

«አኒስ» አልኩ። «ማማ... ኸላስ።»

እማዬ... አለቀ። 

አላመነኝም፤ ወይም ሌላ ነገር ሰማ። «ሙሽኪላ ኸላስ?» አለኝ ተስፋ ባለው ድምፅ። ታማ ነበር እንዴ፣ ሕመሟ አለቀ ማለትሽ ነው? 

ፈጣሪ ያሳያችሁ፣ ያን ጊዜ ከዚያ ክፍል ብጠፋ ምንኛ በወደድኩ። ግን ሁሉም እኔን ያያል። «ማፊ» አልኩት። «ማማ መውት።» ሞታለች።

አላለቀሰም። ዓይኑ ብቻ ተከፍቶ ቀረ። «መቼ?» አለ። በጣቶቼ አራት ቀን አሳየሁት። እሱም በራሱ ጣቶች ወደ ኋላ ቆጠረ፤ ሐሙስ፣ ረቡዕ፣ ማክሰኞ፣ ሰኞ። ከዚያ ወደ ማክሰኞ ጣቱ ተመለሰ፤ «ማማ ዜን» ያልኩት ቀን ነው። ቀና ብሎ አየኝ።

«ኢንታ ሴም ሴም ሙዲር» አለኝ። አንቺም ያው አለቃ ነሽ፤ ከነሱ አትለዪም።

ከዚያ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

በዚያ ቋንቋ ከዚህ የባሰ ስድብ የለም። መምህሩ ወደ አልጋው ተጠግተው በሐዘን ጊዜ የሚባለውን በእውነተኛው ዐረብኛ ቀስ ብለው አነበቡ። «ኢና ሊላሂ ወኢና ኢለይሂ ራጅዑን።» ከግድግዳው በኩል የአኒስ ድምፅ ቃሉን ተከተላቸው። ከቀናት በፊት አልተግባቡም የተባሉት ሰዎች ተግባቡ። እኔ በጣቴ ጫፍ እየረገጥኩ ወጣሁ።

ካርድ ክፍል ተቀምጬ የሰው ስም ስጽፍ ዋልኩ። ከጁምዓ በኋላ ሆዳን መጣች። «ይጠራሻል» አለችኝ።

ስገባ ተቀምጧል። ዓይኑ ደረቅ ነው። «ኢንታ ማማ ፊ?» አለኝ። እናት አለሽ?

«ማፊ» አልኩት።

«እንዴት?»

ነገርኩት። በዚያው በድሪቷችን። እኔ ኩዌት፣ እማዬ ሞተች፣ እህቴ እማዬ ደህና አለች፣ ስምንት ወር። ሱቅ፣ ሩዝ፣ ማዳም ያላ ያላ። ቃሉ አነስተኛ ስለሆነ ነገሩን ማስዋብ አልተቻለኝም፤ እንዳለ ወጣ። ለሰው እንዲህ አድርጌ ተናግሬው አላውቅም ነበር።

አኒስ ጣልቃ ሳይገባ ሰማኝ። ከዚያ ጠየቀኝ፤ ስታለቅሺ አብሮሽ ሰው ነበር? 

«ማፊ ነፈር» አልኩ። ማንም ሰው አልነበረም።

«ማማ ኢስም?» አለ። የእናትሽ ስም?

«ዘውዴ።»

«ዘውዴ» አለ ቀስ ብሎ፣ እንዳያበላሸው እየተጠነቀቀ። ከዚያ «ራሂማ» አለ። ከዚያ እንደገና «ዘውዴ» ሲል ድምፁ ተሰበረና ያ ከጠዋት ጀምሮ ደርቆ የዋለ ሰው ማልቀስ ጀመረ። እኔም የአልጋውን ብረት ይዤ አለቀስኩ። በእንባው ውስጥ የኔ እናት ይሁን የሱ፣ ማን ለማን እንዳለቀሰ አላውቅም። አልለየንም።

አው ዑመር ግራ ገብቷቸው ሆዳንን በሶማልኛ ጠየቁ፤ እሷ የምታለቅሰው ለማን ነው? ሆዳን «ለእናቷ» አለቻቸው። ሽማግሌው ክራንቻቸውን ይዘው በእግራቸው ቆሙ። እጃቸውን ወደ እኔ ዘረጉ። «ሰሚር ይስጥሽ ልጄ» አሉኝ፤ ትዕግሥቱን ይስጥሽ፣ ሶማሌ ለሐዘንተኛ የሚለው ነው። እናቴ ከሞተች ሰባት ዓመቷ ነበር። እንደ ሐዘንተኛ ቆጥሮ ያጽናናኝ ሰው ያን ቀን አገኘሁ።

አኒስ ከሁለት ሳምንት በኋላ ወደ አገሩ ሄደ። እስኪሄድ ድረስ በየቀኑ ምሳ ሰዓት እየሄድኩ አብሬው እቀመጥ ነበር። ስለዚያ ውሸት ዳግመኛ አላነሣም። ይቅር ብሎኝ ይሁን ትቶት፣ ቃላችን ለዚያ ስላልበቃ አልጠየቅሁትም። መኪና ውስጥ ሲያስገቡት ከወንድሙ ጋር በስልክ እያወራ ነበር፤ በሌላኛው እጁ ሰላምታ ሰጥቶኝ ሄደ።

እናንተ የምታነቡ ሰዎች፣ ይህን የምጽፈው መዋሸት ልክ ነው ለማለት አይደለም። ልክ አይደለም። ሰው የእናቱን ሞት የመስማት መብት አለው፤ ስምንት ወር ከሰረቃችሁት መልሳችሁ የምትሰጡት ነገር የላችሁም። እኔ ግን የሚዋሽ ሰው ልቡ ድንጋይ ይመስለኝ ነበር። አንዲት ቀን በራሴ አፍ ስዋሽ ያገኘሁት ሌላ ነው። እህቴ ያንን አንድ ቀን ስምንት ወር ተሸክማዋለች። ይህን ማሰብ ጥፋቷን አላጠፋልኝም፤ ሁለታችንም ብቻችንን እንደነበርን ግን አሳየኝ።

አኒስ በሄደ ቅዳሜ ከመናኸሪያ የባቢሌ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። አልማዝ ገበያ ውስጥ ኦቾሎኒ እንደምትሸጥ ሰምቼ ስለነበር በቀጥታ ወደዚያ ሄድኩ። ጆንያዋ ፊት ተቀምጣ በጣሳ እየሰፈረች ነው። ጸጉሯ ሸብቷል። ጥላዬ ሲያርፍባት ቀና አለች። ጣሳው ከእጇ ወደቀ።

«ማን ሞተ?» አለችኝ።

ሰላም የለም፣ ምን እግር ጣለሽ የለም። አራት ዓመት የጠፋች እህት ድንገት ስትመጣ ሌላ ምን ይታሰባል።

«እማዬ» አልኳት። «እማዬ ሞተች፣ አልምዬ።»

ለአፍታ አፈጠጠችብኝ። ከዚያ ገባት። ኦቾሎኒውን ረግጣ መጣችና አንገቴ ላይ ተጠመጠመች። «ስልኩ ሲጮህ እደበቅ ነበር» ትላለች እያለቀሰች፤ «ሰው ቤት ነሽ፣ ማን ያቅፍሻል ብዬ ነው፣ ማን ያቅፍሻል ብዬ...» 

እኔም «እማዬን» እያልኩ ጮህኩ፤ ኩዌት ሱቅ ውስጥ የዋጥኩትን ጩኸት።

የገበያው ሴቶች ሥራቸውን ጥለው ከበቡን። አንዲት ቲማቲም ሻጭ አልማዝን በትከሻዋ ይዛ «ማን ነው የሞተባችሁ?» አለቻት።

«እናታችን ናት።»

«መቼ? ዛሬ?»

አልማዝ ዓይኗን ጠራረገች። «ሰባት ዓመቷ ነው» አለች።

ሴትየዋ አልማዝን አየች፣ እኔን አየች። ከዚያ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለበሰችና፣ «እሷ ገና ዛሬ ነው የደረሰችው» ብላ መሬት ላይ አጠገቤ ተቀመጠች።